እማሆይ ትሬዛና የአስታማሚዋ እንጀራ

በአገራችን አንዲት ሴት ለማትዛመደው በሽተኛ ስትሯሯጥ ወይም የማንም ያልሆነ ልጅ ሰብስባ ስታበላ ከታየች «ማዘር ትሬዛ ሆነች» ይባላል። አንዳንዴ በአድናቆት ነው፣ አንዳንዴም በለበጣ። ክብርት አበበች ጎበናን አገሩ ሁሉ «የአፍሪካዋ ማዘር ትሬዛ» ሲላቸው ኖሮ በ2013 ዓ.ም. በዚሁ ስም ሸኝቷቸዋል። ስሙ እንዲህ ተረት እስኪመስል ድረስ በአፋችን ሲመላለስ፣ ባለስሟ ማን እንደነበሩና ሥራቸውን እንዴት እንደጀመሩ ግን ብዙዎቻችን ጠይቀን አናውቅም።

ይህን ስጽፍ ሃይማኖት ለማስተማር አስቤ አይደለም። ማኅበራችን ኦርቶዶክሷም፣ ሙስሊሟም፣ ጴንጤዋም፣ ካቶሊኳም አብራ የምትቆጥብበት ነው። ከመካከላችን አስታማሚ ሆና የማታውቅ ግን አንዲት እንኳ አትገኝም። ባል ሲወድቅ፣ አማት ስትተኛ፣ ልጅ በወባ ሲንቀጠቀጥ፣ ነጠላዋን አንጥፋ ሆስፒታል ደጅ የምታድረው ሴት ናት። ለበሽተኛው ሾርባ ይመጣለታል፤ እሷ በልታ እንደሆነ የሚጠይቅ ግን ብዙ ጊዜ የለም። የእማሆይ ትሬዛን ታሪክ ሳነብ ልቤን የያዘው ይኸው ጉዳይ ነው። ዓለም በሙሉ በማስታመም የሚያውቃቸው እኚህ ሴት ከገዳማቸው ወጥተው መጀመሪያ የሄዱት ሙያ ወደሚማሩበት ቦታ ነበር፤ እዚያም ስለ ምግብ ተከራክረው ተረቱ።

አንድ ነገር ሳልረሳ ልናገር። እዚህ ግልገል በለስና ማንዱራ የምናውቃቸው የካቶሊክ ሲስተሮች የእማሆይ ትሬዛ ማኅበር አይደሉም፤ የኮምቦኒ ናቸው። ዳንኤል ኮምቦኒ ጣሊያናዊ ጳጳስ ነበሩ፤ በወጣትነታቸው በአገራቸው ኮሌራ ሲገባ ሕሙማንን አስታመዋል፤ እ.ኤ.አ. በ1881 ያረፉት ደግሞ ካርቱም ነው። የኛ በለስ ወደ ዓባይ ገብቶ በዚያች ከተማ አጠገብ እንደሚያልፍ ስናስብ፣ ታሪኩ እስከዚህም ሩቅ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2003፣ በአንድ ወር ውስጥ ኮምቦኒ ቅዱስ፣ እማሆይ ትሬዛ ደግሞ ብፅዕት ተብለዋል። ስለ ኮምቦኒ ሌላ ጊዜ ሌላዋ እህት ትጽፍልን።

እማሆይ ትሬዛ የተወለዱት ነሐሴ 20 ቀን 1902 ዓ.ም.፣ እ.ኤ.አ. በ1910 መሆኑ ነው፣ ስኮፕዬ በምትባል ከተማ ነው። ያኔ ከተማዋ በቱርኮች ግዛት ሥር ነበረች፤ ዛሬ የሰሜን መቄዶንያ ዋና ከተማ ናት። ልጅ ናትና ለጊዜው አንቱ ማለቱን እናቆየው፤ ስሟ አግነስ ጎንጄ ቦያጂዩ ነበር። ጎንጄ በአልባንያ ቋንቋ እምቡጥ አበባ ማለት ነው። አባቷ ነጋዴ ነበሩ፤ ልጅቷ ስምንት ዓመት ሲሆናት በድንገት ሞቱ። እናትየዋ ድራና ሦስት ልጆች ይዘው ቀሩ። እጃቸውን አጣጥፈው አልተቀመጡም፤ ጥልፍና ስፌት እየሠሩ፣ ጨርቅ እየሸጡ ቤቱን ያዙት። በሰፈሩ ሰውነቷ የቆሰለ፣ በመጠጥ የተጎዳች፣ ዘመድ የራቃት አንዲት አሮጊት ነበረች። ድራና እየሄዱ ያጥቧታል፣ ያበሏታል፤ ትንሿን ልጃቸውንም አንዳንዴ ያስከትላሉ። ስለ ቅዱሳን ስንጽፍ ከሰማይ መጀመር ልማዳችን ነው። እኔ ግን ይህን ታሪክ ከድራና መርፌና ክር መጀመሩ የተሻለ ይመስለኛል።

አግነስ በ18 ዓመቷ፣ እ.ኤ.አ. በ1928፣ የሎሬቶ እህቶች የሚባለውን የመነኮሳት ማኅበር ለመቀላቀል ወደ አየርላንድ ሄደች። ከዚያ ወደ ህንድ ተላከች። ትሬዛ የሚለው የምንኩስና ስሟ ነው፤ ከዚህ በኋላ አንቱ እንበላቸው። በካልካታ ከተማ በቅድስት ማርያም የሴቶች ትምህርት ቤት ታሪክና ጂኦግራፊ አስተማሩ፤ እ.ኤ.አ. በ1944 ርዕሰ መምህርት ሆኑ። ከግቢው አጥር ውጭ ግን አገር እየነደደ ነበር። በ1943 በቤንጋል ረሀብ ከ2 ሚሊዮን በላይ ሰው አለቀ። በነሐሴ 1946 በካልካታ ሂንዱና ሙስሊም ተጋጭቶ በጥቂት ቀናት ሺዎች ሞቱ። እማሆይ ለ300 ያህል አዳሪ ተማሪዎች የሚበላ ፍለጋ ከግቢ ወጥተው መንገድ ላይ የወደቀውን ሬሳ አዩ። ከአንድ ወር በኋላ ወደ ዳርጂሊንግ በባቡር ሲጓዙ፣ ገዳሙን ትተው ከድሆች መካከል እንዲኖሩ እግዚአብሔር እንደጠራቸው ተሰማቸው። ፈቃድ ለማግኘት ሁለት ዓመት ገደማ ፈጀ። በነሐሴ 1948 ሰማያዊ ጥለት ያለው ነጭ ሳሪ፣ የድሃ ሴት ልብስ፣ ለብሰው ወጡ።

አሁን ወደ ፓትና እንሂድ፤ ብዙ ጸሐፊዎች በአንድ መስመር የሚዘሉት ይህን ነው። እማሆይ መምህርት እንጂ ነርስ አልነበሩም። ስለዚህ በፓትና ከተማ የሕክምና ሚሲዮን እህቶች በሚባሉት መነኮሳት ሆስፒታል ጥቂት ወራት ተቀመጡ። ቁስል ማጠብ፣ መርፌ መውጋት፣ አልጋ ላይ ያለን በሽተኛ ሳያቆስሉ ማገላበጥ፣ ምጥ የያዛትን መርዳት፣ ሊሞት የተቃረበን ሰው አጠገብ መቀመጥ፤ ይህን ሁሉ እንደ ጀማሪ ተማሪ ተማሩ። ዕድሜያቸው ያኔ 38 ነበር።

ያስተማሯቸው ሴቶችም ተራ ሴቶች አልነበሩም። ማኅበራቸውን እ.ኤ.አ. በ1925 የመሠረቱት ኦስትሪያዊቷ ሐኪም አና ዴንግል ናቸው። ዴንግል ዛሬ ፓኪስታን በሆነው አገር ሲያክሙ፣ ሙስሊም እናቶች ወንድ ሐኪም እንዲያያቸው ስለማይፈቀድ በወሊድ ሲሞቱ አይተዋል። መነኮሳትን እንዳያዋልዱ የሚከለክለው ደግሞ የራሳቸው ቤተ ክርስቲያን ሕግ ነበር። ዴንግል ተሟገቱ፣ ለመኑ፣ ጻፉ፤ በ1936 ሕጉ ተሻሻለ። አንዲት ሴት እንዲህ ያለ በር ባታስከፍት ኖሮ ሁለተኛዋ ፓትና ሄዳ የምትማረው ነገር ባልኖረ።

እማሆይ ለሚመሠርቱት ማኅበር አንድ ሐሳብ ይዘው ነበር የመጡት፦ እህቶቼ እንደ ድሃዎቹ ሩዝና ጨው ብቻ እየበሉ ይኖራሉ የሚል። የፓትና ሐኪሞችና ነርሶች በዚህ አልተስማሙም። ቀኑን ሙሉ በሳንባ ነቀርሳና በተስቦ መካከል የምትውል ወጣት በሩዝና በጨው ብቻ ብትኖር ዓመት ሳይሞላት ራሷ በሽተኛ ትሆናለች፣ ይህም ጽድቅ ሳይሆን ኃጢአት ነው አሏቸው። ደህና ምግብ፣ በቂ እንቅልፍ፣ በየሳምንቱ ዕረፍት፣ ንጹሕ ልብስ ግድ ነው አሉ። እማሆይ ግትር ናቸው፤ ታሪካቸውን ያነበበ ሁሉ ይህን ያውቃል። በዚህ ነገር ግን እሺ አሉ። የማኅበራቸው ደናግል ዛሬም ኑሯቸው የድሃ ኑሮ ነው፤ ነገር ግን ከሥራ በፊት የቀረበላቸውን በልተው ይወጣሉ። እኔ ከሕይወታቸው ሁሉ አንድ ገጽ ብቻ ምረጪ ብባል ይህንኑ እመርጣለሁ። እኛ ቤት የአስታማሚ ጾም ማደር እንደ ጨዋነት ይቆጠራልና።

በታኅሣሥ 1948 ሞቲጂል ወደሚባለው የካልካታ ድሃ ሰፈር ገቡ። መጀመሪያ ልጆችን መሬት ላይ በእንጨት እየጻፉ ፊደል አስቆጠሩ። በሚቀጥለው ዓመት ከድሮ ተማሪዎቻቸው አንዷ መጣች፣ ቀጥሎ ሌላዋ። እ.ኤ.አ. በ1950 ማኅበሩ ሚሽነሪስ ኦፍ ቻሪቲ ተብሎ ከሮም ፈቃድ ሲያገኝ ቁጥራቸው 12 ያህል ነበር። በ1952 ማዘጋጃ ቤቱ ከካሊ ቤተ መቅደስ ጎን የሚገኝ የተሳላሚዎች ማረፊያ ሰጣቸው፤ መንገድ ላይ የሚሞተው ሰው ጣሪያ ሥር፣ ታጥቦ፣ እጁን የሚይዝለት አግኝቶ እንዲሞት። የአካባቢው ሂንዱዎች ክርስቲያን ልታደርጉን ነው ብለው ተቃወሙ። ተቃውሞው እየበረደ የመጣው ሰዎቹ ገብተው ሥራውን ሲያዩ ነው።

ሥጋ ደዌ ያለባቸውን በተመለከተ የሠሩት ለእንደኛ ዓይነቱ ማኅበር ይበልጥ ይቀርባል። ካልካታ አጠገብ ቲታጋር በሚባል ቦታ፣ በባቡር ሐዲዱ ዳር፣ ከበሽታው ጋር የሚኖሩ ሰዎች ሽመና ተማሩ። የማኅበሩ ደናግል በዓለም ሁሉ የሚለብሱትን ባለሰማያዊ ጥለት ሳሪ የሚሸምኑት እነሱ ናቸው። ጣት የጎደለው እጅ ነው ያንን ልብስ የሠራው። በአዲስ አበባም በዘነበወርቅ አካባቢ በዚሁ በሽታ የተጎዱ እናቶች በጥልፍና በፈትል ራሳቸውን እንደሚያስተዳድሩ የሚያውቅ ያውቃል። ሌላም አለ። ጳጳስ ጳውሎስ ስድስተኛ እ.ኤ.አ. በ1964 ህንድን ሲጎበኙ የተጠቀሙበትን ነጭ መኪና ለእማሆይ ሰጧቸው። እማሆይ አንድ ቀን እንኳ አልሄዱበትም፤ ሎተሪ አወጡበትና በገንዘቡ ለሥጋ ደዌ ሕሙማን መንደር ሠሩ። በ1979 የኖቤል የሰላም ሽልማት ሲሰጣቸውም የክብር ግብዣው ቀርቶ ገንዘቡ ለድሆች እንዲውል ጠየቁ፤ እንዲሁም ሆነ።

በዚህ መሐል የራሳቸው ሐዘን ነበር። እናታቸው ድራና ከአንዷ ልጃቸው ጋር አልባንያ፣ ቲራና ይኖሩ ነበር። የአልባንያ ኮሚኒስት መንግሥት ልጅ እንድትገባ አልፈቀደም፣ እናትም እንድትወጣ አልፈቀደም። እማሆይ በየኤምባሲው ለመኑ። እ.ኤ.አ. በ1972 ድራና ልጃቸውን ከ1928 ጀምሮ ሳያዩ ሞቱ። የሰውን ሁሉ እናት ያጠቡ እጆች የራሳቸውን እናት ማጠብ አልቻሉም።

በሚቀጥለው ዓመት፣ በ1973፣ አዲስ አበባ መጡ። ወሎ በረሀብ ላይ ነበር። ጃንሆይ ዘንድ ቀረቡ። ከመንግሥት ምን እንደሚፈልጉ ሲጠየቁ ምንም እንደማይፈልጉ፣ እህቶቻቸው ድሆችን እንዲያገለግሉ ሊሰጡ እንደመጡ ተናገሩ። ተፈቀደላቸው። ዓመት ሳይቆይ ዙፋኑ ወደቀ፣ ደርግ መጣ፣ ስንቱ የውጭ ሰው አገሩን ለቆ ወጣ። ሲስተሮቹ ግን ቀሩ። ስድስት ኪሎ ያለው ቤታቸው ዛሬም «ማዘር ትሬዛ» ተብሎ ይጠራል። አስኮ ደግሞ ከኤችአይቪ ጋር የተወለዱ፣ ወላጅ የሌላቸው ልጆች ያደጉበት ቤት አላቸው።

በ77ቱ ድርቅ ጊዜ እማሆይ እንደገና መጡ፤ ሲስተሮቻቸው አላማጣን በመሰሉ መጠለያዎች ይሠሩ ነበር። በጥር 1985 አዲስ አበባ አውሮፕላን ማረፊያ ላይ ለረሀቡ በዘፈን ገንዘብ ያሰባሰበው አየርላንዳዊው ቦብ ጌልዶፍ አገኛቸው፤ ያየውንም በኋላ በመጽሐፉ ተርኮታል። እማሆይ በመንገድ ላይ ባዶ ትልልቅ ቤቶች አይተው ኖሮ፣ ካሜራ ፊት ለፊት የመንግሥት ባለሥልጣኑን ለወላጅ አልባ ልጆች ይሰጠን አሉት። ሰውዬው ተደናግጦ ያንን እንኳ አላውቅም፣ ለሕፃናት ማሳደጊያ የሚሆን አንድ ቤት ግን አይጠፋም አለ። አንድ ሳይሆን ሁለት ብለው አረሙት። ሁለት ብሎ ተስማማ። በቴሌቪዥን ፊት እምቢ ማለት ይከብዳል፤ እማሆይም ይህን ያውቁ ነበር። የዋህ አሮጊት ብቻ አድርገው የሚስሏቸው ሰዎች ይህን ይዘነጋሉ።

ያ ድርቅ ለኛ ወረዳዎች የሩቅ ወሬ አይደለም። በዚያው ጊዜ ከወሎ፣ ከከምባታና ከሐዲያ፣ ከሌላም አካባቢ በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ሕዝብ በመንግሥት ሰፈራ ወደ ጣና በለስ፣ ወደ ፓዌ መጣ። ከረሀብ ያመለጠው ብዙ ሰው በመጀመሪያዎቹ ዓመታት በወባ ረገፈ። ለጉሙዝ ወገኖቻችን ደግሞ የኖሩበት ጫካና የእርሻ መሬት ባልተጠየቁበት የሌላ ሆነ። እዚያ እማሆይ ከበሽተኛ አጠገብ ቆመው ፎቶ ሲነሡ፣ እዚህ በየመንደሩ ቀዝቃዛ ጨርቅ በልጇ ግንባር ላይ የምታስቀምጥ እናት ነበረች። እሷን ማንም ፎቶ አላነሣትም። ብዙዎቹ ዛሬም በመካከላችን አሉ፤ ወጣቶቻችን ሄደው ቢጠይቋቸውና ቢጽፉት ደስ ይለኛል።

አሁን የማይጣፍጠውን ልናገር። እ.ኤ.አ. በ1994 ላንሴት የተባለው የታወቀ የሕክምና መጽሔት አዘጋጅ ሮቢን ፎክስ የካልካታውን የሕሙማን ቤት አይቶ ጻፈ። ንጽሕናውን፣ ለማንም በር አለመዝጋታቸውን፣ ለበሽተኛው ያላቸውን ርኅራኄ አመሰገነ። ነገር ግን በቂ ምርመራ እንደማይደረግ፣ ሊድን የሚችለው ከማይድነው እንደማይለይ፣ ጠንካራ የሕመም ማስታገሻም እንደሌለ ገለጸ። ከዚያ በፊትም በኋላም ብዙ ተቺዎች ተነሥተዋል፤ አንዳንዶቹ በጥላቻ ነው የጻፉት። ይህኛው ግን በጥላቻ የተጻፈ አይደለም።

በዚያው ዘመን ለንደን ውስጥ ሲስሊ ሳንደርስ የምትባል ሴት፣ መጀመሪያ ነርስ ኋላ ሐኪም የሆነች፣ በ1967 ሊድኑ ለማይችሉ ሕሙማን ሆስፒስ ከፍታ ሕመሙ ሳይነሣ በፊት ማስታገሻው በሰዓቱ መሰጠት እንዳለበት ታስተምር ነበር። ዕውቀቱ ነበረ ማለት ነው። በአገራችንም ሆስፒስ ኢትዮጵያ በዚህ ሙያ አዲስ አበባ ውስጥ ቤት ለቤት እየዞረ ሕሙማንን ይረዳል። እኔ እንደሚመስለኝ ፓትና ላይ የተጀመረው ትምህርት ካልካታ ላይ ሳይቀጥል ቀረ። እማሆይ ስቃይን ከክርስቶስ ስቃይ ጋር ያያይዙት ነበር፤ ይህ እምነታቸው ነው። የራሳቸው ልብ ሲታመም ግን በደህና ሆስፒታል ታክመዋል። ተቺዎቹ ይህን ያነሡባቸዋል። መታከማቸውን አልነቅፍም፣ መታከም ነበረባቸው። ያው ማስታገሻ ከቤተ መቅደሱ ጎን ለተኛው ሰው ለምን አልደረሰም የሚለው ጥያቄ ግን አልመለስልሽ ብሎኛል።

ስድስት ኪሎ ላይ የሆነው ነገር በዚህ ረገድ ያጽናናል። ሪክ ሆድስ የተባሉ አሜሪካዊ ሐኪም መጀመሪያ የመጡት በ77ቱ ረሀብ ጊዜ ነው። ኋላ ተመልሰው በሲስተሮቹ ግቢ ልባቸውን የታመሙ፣ ካንሰር ያለባቸው፣ አከርካሪያቸው የተጣመመ ሕፃናትን ማከም ያዙ፤ ብዙዎቹንም ለቀዶ ሕክምና ወደ ጋና ላኩ። ሆድስ አይሁዳዊ ናቸው፤ ያስጠጓቸው ካቶሊክ ደናግል፤ በሽተኞቹ ኦርቶዶክስና ሙስሊም። ሲስተሮቹ ልጁን ከመንገድ ያነሣሉ፣ ያጥባሉ፣ ያበላሉ፤ ሐኪሙ ምን እንደያዘው ይለያል።

እማሆይ ትሬዛ ነሐሴ 30 ቀን 1989 ዓ.ም. በ87 ዓመታቸው ካልካታ ውስጥ አረፉ። ያኔ ማኅበራቸው ወደ 4,000 የሚጠጉ ደናግል ነበሩት። ካረፉ ከአሥር ዓመት በኋላ ደብዳቤዎቻቸው ታተሙ። ለብዙ አሥርት ዓመታት እግዚአብሔር የራቃቸው፣ ጸሎታቸው ባዶ የሆነባቸው ሆኖ ይሰማቸው እንደነበር ለንስሐ አባቶቻቸው ጽፈው ተገኘ። አንዳንዱ ይህን ሲሰማ አስመሳይ አላቸው። እኔ ግን ልቧ ደርቆ፣ ደስታው ሁሉ ጠፍቶባት፣ ጠዋት ተነሥታ የአማቷን ገላ የምታጥብ ሴት አውቃለሁ፤ አስመሳይ አይደለችም።

ቅድስት የተባሉት ነሐሴ 29 ቀን 2008 ዓ.ም. በሮም ነው። ከዚያ ስድስት ወር ቀደም ብሎ፣ በየካቲት፣ የመን አገር ኤደን ከተማ ያለው የማኅበሩ የአረጋውያን ቤት በታጣቂዎች ተጠቅቶ አራት ደናግል ተገድለዋል። አብረዋቸው አረጋውያኑን ሲረዱ የነበሩ ኢትዮጵያውያን ወጣቶችም ከሟቾቹ መካከል ናቸው። በሮም በዓል ላይ የእነዚህን ልጆች ስም ማንም አልጠራም፤ እናቶቻቸው ግን የሆነ ቦታ አሉ።

የፓትና ሴቶች ከጠየቁት ውስጥ አንዱ የሳምንት ዕረፍት ነበር። በማኅበሩ ቤቶች ይህ ቀን ሐሙስ ነው። ካልካታ ለበጎ ፈቃድ ሥራ የሚሄድ ሰው ሐሙስ በሩ ዝግ እንደሆነ አስቀድሞ ይነገረዋል። ለበሽተኞቹ የሚያስፈልገውን ተረኞች ይሠራሉ። ሌሎቹ ሲስተሮች ይጸልያሉ፣ የተቀደደ ልብሳቸውን ይጥፋሉ፣ ሳሪያቸውን አጥበው ያሰጣሉ።